የእኩል

ሲላይ ከተማ ዳር፣ ከስኳር ፋብሪካው አጥር ሥር፣
ስድስት ኮምፒውተር አለኝ፣ ፔሶ ካልጎረሰ የማይናገር።
አንድ ፔሶ፣ አምስት ደቂቃ፤ ለጨዋታም ለጸሎትም ያው ነው ዋጋው፤
እኔ ጊዜ ነው የምሸጠው።

ጆቬሊን ከሌሊቱ ዘጠኝ ሰዓት በፊት አትመጣም፤
ያኔ ኔትወርኩ ይፈጥናል፣ ወረፋም የለም።
አራተኛው ወንበር የሷ ነው። የሳንቲም ጣሳዋን ታስቀምጣለች፣
ጫማዋን ታወልቃለች፣
እርሻ ትገባለች።

እርሻው ካርታ አለው፣ ወሰን አለው፣ ቁጥር አለው፤
አፈር ነው የሌለው።
ስንዴው ሰማያዊ ነው፣ በአርባ ደቂቃ ይደርሳል፣
ካላጨዱት ይረግፋል።
አዝመራው ወደ እርሻው ገንዘብ፣ ገንዘቡ ወደ ፔሶ ይመነዘራል፣
ግማሹ ግን ቀድሞ ባሕር ይሻገራል፣
ወደ ባለርስቱ።

አይታው አታውቅም። ስሙ «ቀበሮ ሰባት» ነው።
ኖርዌይ ነው አሉ የሚኖረው፣
ክረምቱን ሙሉ ፀሐይ በማትወጣበት።
ሠላሳ ቦታ አለው፤ በሠላሳው ላይ ሠላሳ ጭሰኛ፣
ከዳቫዎ እስከ ካራካስ፣ አንዱ ሲነቃ አንዱ የሚተኛ።

አባቷ በር ላይ ቆሞ ይጠብቃታል። ዶሚናዶር ይባላል፣
ከስፔኖች የተረፈ ስም ነው፤ «ገዢ» ማለት ይሆናል።
ሰውም አልገዛ፣ መሬትም አልገዛ፣
አገዳ ሲቆርጥ ጀርባው እንደ ማጭድ ተጣመመ እንጂ።
ፍራሹ ሥር በፕላስቲክ የታሸገ ወረቀት አለው፣
አንድ ሄክታር ከሩብ ይላል፣ መንግሥት ነው የሰጠው፣
ማኅተሙ ከደበዘዘ ሃያ አንድ ዓመቱ።
ከአጥሩ ወዲያ ነው መሬቱ፤
ዘበኛው ጠመንጃ አለው፣
ዶሚናዶር ወረቀት አለው።

አንድ ሌሊት ከትከሻዋ በላይ አየና፦ «ውሃው ከየት ይመጣል?»
«ውሃ የለም ታታይ።» «እሺ፣ ዝናብ ይዘንባል?»
«አይዘንብም።» «ታዲያ እህሉ በምን ይበቅላል?»
«በእኔ» አለች፣ ዓይኗን ሳትነቅል።
ሳንቲም እየቆጠርኩ ነበር። ቁጥሩ ጠፋኝ።

በመጋቢት የእርሻው ገንዘብ ታመመ።
ማክሰኞ አንዱ ስድስት ፔሶ ነበር፣ ዓርብ ዕለት አንድ፤
እሑድ፣ በጆንያ ቢጭኑት እንቁላል አይገዛም አሉ።
ሰፈሩ በዱቤ የወሰደውን ስልክ በኪሱ ይዞ
ወደ አገዳው ተመለሰ።

ከሳምንት በኋላ መልእክት መጣ፣ ለመጀመሪያ ጊዜ በሰው ስም፦
«ኦይስታይን እባላለሁ። ቤቴን ሸጥኩ። ለሌሎቹ ምን እንደምላቸው አላውቅም።
ያንቺን ቦታ በስምሽ አዙሬዋለሁ።
ምንም አያወጣም። ግን ያንቺ ነው።»

ስንቱ በአደባባይ ጮኾለት፣ ስንቱ ታስሮለት፣ ስንቱ ሞቶለት፣
መሬት ለአራሹ፣ እነሆ፣ እኔ ቤት፣
አራተኛው ወንበር ላይ፣ ከሌሊቱ አሥር ሰዓት፣
ተፈጸመ፤
ያለ ጥይት፣ ያለ ማኅተም፣
ያለ መሬት።

ያን ሌሊትም አጨደች። ስንዴው ደርሶ ነበርና።
ከምራ ስታበቃ እጇ በልማዱ ሁለት ቦታ ከፈለው፤
ከዚያ ቆመች፣ ግማሹን የምትልክበት አድራሻ ጠፍቷት።
ዞር ብላ «ላንተ ይሁን፣ ታታይ» አለችው።
«ስንት ነው?»
«ምንም።»
«ግማሹስ?»
«የምንም ግማሽ።»
ገዢው ሳቀ። እስኪያስለው ሳቀ። ሲጨርስ
ባርኔጣውን ሰቀለ፣ ግብር እንደገባለት ሰው ወንበር ስቦ ተቀመጠ።

ያኔ ደቂቃዋ አለቀና ስክሪኑ ጠቆረ።
ጣሳዋን ነቀነቀችው፤ ድምፅ የለውም።
እነሱ ሲዘሩ፣ ቀበሮው ሲከስር፣ ገንዘቡ ሲሞት
እኔ አንድም ቀን አልከሰርኩም።
ከኪሴ አንድ ፔሶ አውጥቼ ማሽኑን አጎረስኩት፤
በቸርነት እንዳይቆጠርልኝ፣
ነገ ጠዋት ሳጥኑን የምከፍተው እኔው ነኝ።